ስቱዲዮ ሳይኖር መሥራት፦ ከዛሪና የተማርኩት

ይህን የምጽፈው ከአገር ወጥታችሁ "ኑሮዬ ይስተካከልና ከዚያ እሠራለሁ" ብላችሁ ብሩሻችሁን ሻንጣ ውስጥ ለከተታችሁ ሠዓሊዎች ነው። በተለይ ሐዘን ወይም የመኖሪያ ፈቃድ ጉዳይ እጃችሁን ላሰረባችሁ። እኔ እዚያ ውስጥ ቆይቼ ወጥቻለሁ። ያወጣኝ ደግሞ ሕንድ ተወልዳ ኒውዮርክ የኖረች የአንዲት አርቲስት ሥራ ነው። ስሟ ዛሪና ሃሽሚ ነው፤ በሙያው ዓለም የምትታወቀው ግን ዛሪና ተብላ ብቻ ነው። በአካል አግኝቻት አላውቅም። ብዙ ልጆቻችን ስሟን እንኳ እንዳልሰሙ ሳይ ይቆጨኛል።

ኒውዮርክ የመጣሁት ለአንድ የቡድን ዓውደ ርዕይ ተጋብዤ ነው። መመለስ የማልችልበት ምክንያት ስለተፈጠረ ጥገኝነት ጠየቅኩ። አዲስ አበባ፣ አለ የሥነ ጥበብ ትምህርት ቤት ስማር የለመድኩት ትልቅ ሸራ ነበር። ብሮንክስ ውስጥ የተከራየኋት ክፍል ግን አልጋና አንድ ጠረጴዛ ከገባባት በኋላ መላወሻ የላትም። ቀን ቀን አንዲት አዛውንት አሜሪካዊት ቤታቸው እየሄድኩ እንከባከባለሁ፤ ሆም ኬር የሚባለው ሥራ ነው። ማታ ስመለስ ወገቤ ይቆረጣል።

ጠቅልዬ ያመጣኋቸውን ሸራዎች አንድ ጋለሪ ተቀበለኝ። ሥራው ሲሸጥ ድርሻዬን ይሰጡኛል። ውሉ በኋላ ይደርስሻል ተባልኩ። አልደረሰም። ትንሽ ቆይቶ ጋለሪው ተዘጋ፣ ስልክ የሚያነሳ ጠፋ። ሸራዎቼ ማን እጅ እንደገቡ እስከ ዛሬ አላውቅም። ያን ጊዜ የሚነግረኝ አላገኘሁም፣ እናንተ ግን ይህን ያዙ። በኒውዮርክ ግዛት ሕግ፣ አርቲስት ሥራውን ለሽያጭ ለጋለሪ ሲያስረክብ ሥራውም ሆነ ከሽያጩ የሚገኘው የአርቲስቱ ድርሻ በአደራ የተያዘ ንብረት ነው። ጋለሪው የራሱ ገንዘብ አድርጎ ዕዳውን ሊከፍልበት አይችልም። ሕጉ ቢኖርም ማስረጃ ከሌላችሁ ግን መከራከር ከባድ ነው። ስለዚህ አንዲት ገጽ ትበቃለች፤ የሥራው ርዕስ፣ መጠን፣ ዋጋ፣ የእናንተ ድርሻ ስንት እንደሆነ፣ የተረከበበት ቀን፣ የሚመለስበት ቀን፣ ቢበላሽ ማን እንደሚከፍል፣ የሁለታችሁ ፊርማ። የእያንዳንዱን ሥራ የፊትና የጀርባ ፎቶ አንሱ። "እኛ ቤተሰብ ነን፣ ወረቀት ለምን ያስፈልጋል" የሚላችሁ ሰው ካጋጠማችሁ ሥራችሁን ይዛችሁ ውጡ። ችግር ከተፈጠረ ደግሞ ኒውዮርክ ውስጥ ከ1969 (እ.ኤ.አ.፣ ሌሎቹም ዓመቶች እንደዚሁ) ጀምሮ ገቢያቸው ዝቅተኛ የሆኑ አርቲስቶችን በነጻ የሚረዳ ቮለንቲር ሎየርስ ፎር ዘ አርትስ የሚባል የጠበቆች ድርጅት አለ። ሳትፈሩ ደውሉ።

ከዚያ የባሰው መጣ። የእናቴን መርዶ የሰማሁት ገና ጎህ ሳይቀድ ነው። ሰው አገር ሆነውም ወጉን አልተዉትም። በሩን ስከፍት ነጠላቸውን ያዘቀዘቁ ሴቶች ቆመዋል። ማንም ምንም ሳይናገር ገባኝ።

መሄድ አልቻልኩም። የጥገኝነት ጉዳዬ ገና አልተወሰነም። በዚህ ሁኔታ ያላችሁ ልጆች፣ እባካችሁ አንድ ነገር ስሙኝ። ጉዳያችሁ ሳይወሰን፣ የጉዞ ፈቃዱንም ቀድማችሁ ሳታወጡ ከአሜሪካ ከወጣችሁ ማመልከቻውን እንደተዋችሁት ይቆጠራል። ሸሸሁት ወዳላችሁት አገር መመለስ ደግሞ ፈቃድ ቢኖራችሁም ጉዳዩን ሊያበላሽባችሁ ይችላል። ሐዘን ላይ ያለ ሰው ይህን ማሰብ አይችልም። ስለዚህ ክፉ ቀን ከመምጣቱ በፊት ጠበቃችሁን "ቤተሰብ ቢሞትብኝ ምን ማድረግ እችላለሁ?" ብላችሁ ጠይቁ። መልሱን በጽሑፍ ያዙ። አብሯችሁ ለሚኖር ሰውም ንገሩት፣ በዚያ ቀን እናንተን ወክሎ የሚያስበው እሱ ነውና።

ለቅሶ ተቀመጥኩ። ሰው አልተለየኝም፣ እግዚአብሔር ይስጣቸው። ሰልስቱ ሲያልፍ ሁሉም ወደ ሥራው ተመለሰ፣ እኔም ወደ ሥራዬ። እርሳስ መያዝ ግን አቃተኝ። ወረቀት ሳይ ያስለቅሰኝ ነበር። ክረምትና በረዶው ተጨምሮ ልቤ ጭልም አለ።

የምንከባከባቸው እናት ድሮ አስተማሪ ነበሩ። ሠዓሊ መሆኔን ሲሰሙ ዝም ብለው አላለፉትም። ጉገንሃይም ሙዚየም ቅዳሜ ማታ የቻሉትን ከፍሎ መግባት እንደሚቻል የነገሩኝ እሳቸው ናቸው። "ሂጂና ምንም አታድርጊ፣ ዝም ብለሽ እዪ" አሉኝ። 2013 ነው። ሙዚየሙ ውስጥ የዛሪና የዘመኗ ሥራዎች ተሰብስበው ለዕይታ ቀርበው ነበር። ዓውደ ርዕዩ ቀደም ብሎ ሎስ አንጀለስ፣ ሃመር ሙዚየም ታይቷል፤ ከኒውዮርክ በኋላ ቺካጎ ሄዷል። ማን እንደሆነች ሳላውቅ ነው የገባሁት።

መጀመሪያ ያቆመኝ ከእህቷ ደብዳቤዎች የሠራችው ነው። እህቷ ራኒ ፓኪስታን ትኖር ነበር። ለዛሪና በኡርዱ ቋንቋ ደብዳቤዎች ትጽፋለች፣ ግን አትልካቸውም። ስለ ወላጆቻቸው ሞት፣ ስለ ቤቱ መሸጥ፣ ስለ ልጆቿ ከቤት መውጣት የጻፈቻቸው ናቸው። ከዓመታት በኋላ ደብዳቤዎቹ ዛሪና እጅ ገቡ። እሷም በ2004 የእህቷን የእጅ ጽሑፍ አተመችውና በላዩ ላይ የቤት ፕላንና ካርታ አሳረፈችበት። ስምንት ወረቀት ነው። ኡርዱ አላነብም። ግን እዚያው ቆሜ አለቀስኩ። ከእናቷ ሞት ርቃ የነበረች ሌላ ሴት፣ ርቀቱን ራሱን ሥራ አድርጋዋለች። ሐዘኔ ሲያልፍልኝ ነው ሥራ የምጀምረው ስል ለነበርኩት ለእኔ ይህ ትልቅ ነገር ነበር።

ከዚያ በኋላ ስለሷ ያገኘሁትን ሁሉ ማንበብ ጀመርኩ። የተወለደችው በ1937 ሰሜን ሕንድ፣ አሊጋር ከተማ ነው። አባቷ በዩኒቨርሲቲው የታሪክ መምህር ነበሩ። አሥር ዓመቷ ላይ ሕንድ፣ ሕንድና ፓኪስታን ተብላ ለሁለት ተከፈለች፤ በኋላ ወላጆቿ ወደ ፓኪስታን፣ ካራቺ ሄዱ። የተመረቀችው በሥዕል አይደለም፣ በሒሳብ ነው። ባሏ ዲፕሎማት ስለነበር ከአገር አገር ዞረች። ባንኮክ የእንጨት ህትመት ተማረች፤ እንጨት ፈልፍሎ፣ ቀለም ቀብቶ ወረቀት ላይ ማተም ማለት ነው። ፓሪስ ውስጥ ስታንሊ ዊልያም ሄይተር ባቋቋመው፣ አቴሊዬ 17 በሚባለው የህትመት ወርክሾፕ ሠራች። ቶክዮ ሄዳ የጃፓኖችን የእንጨት ህትመት አጠናች። በ1970ዎቹ አጋማሽ ኒውዮርክ ገባች፤ በ1977 ባሏ ሞተ። እንግዲህ አስቡት፣ ብቻዋን፣ ሰው አገር፣ ታዋቂ ሳትሆን። ከተማዋን አልለቀቀችም፣ ሥራዋንም አልተወችም። ዘርፏም አንድ ብቻ አልነበረም። እንጨት ትፈለፍላለች፣ የወረቀት ሊጥ በቅርጽ እያፈሰሰች ሐውልት መሰል ነገር ትሠራለች፣ ነሐስ ታስቀርጻለች፣ እንደ ቅጠል በሳሳ ወርቅ ትለብጣለች። ሕንድ በ2011 ቬኒስ ቢየናሌ በሚባለው ትልቅ ዓለም አቀፍ የሥነ ጥበብ ዓውደ ርዕይ ላይ የራሷን ብሔራዊ ማሳያ (ፓቪሊዮን) ስታቆም ከተመረጡት አርቲስቶች አንዷ ዛሪና ነበረች። ያኔ ዕድሜዋ ከሰባ አልፏል። ይህን የምነግራችሁ በሠላሳ ዓመታችሁ "አበቃልኝ" ለምትሉት ነው። እንደዚህ የሚሉኝ ልጆች በጣም ብዙ ናቸው።

ነገሩን ሁሉ የቀየረልኝ ግን በዚያው በ1970ዎቹ የሠራቻቸው የመርፌ ሥራዎች ናቸው። ነጭ ወረቀት፣ በመርፌ የተበሳ። ቀለም የለ፣ እርሳስ የለ። ነጥቦቹ ተደርድረው ብርሃኑ በጎን ሲያርፍባቸው እንደ ቆዳ ይነሳሉ። ይህን ለመሥራት ስቱዲዮ አያስፈልግም። አልጋ ላይ ተቀምጦ ይሠራል። በማግስቱ ወፍራም ወረቀት ገዛሁ።

መሞከር ለምትፈልጉ አሠራሩን ልንገራችሁ። ወረቀቱ ወፍራም የውሃ ቀለም ወረቀት ይሁን፣ በካሬ ሜትር 300 ግራም የሚባለው ጥሩ ነው፤ ስስ ወረቀት ይቀደዳል። ከሥሩ ስፖንጅ ወይም የታጠፈ ብርድ ልብስ አንጥፉ። የመርፌውን ዓይን የወይን ጠርሙስ ቡሽ ላይ ሰክታችሁ ያዙ፣ አለዚያ ጣታችሁ ይቆስላል። ንድፉን ከጀርባ በእርሳስ ስላችሁ ከጀርባ ብሱ፤ ከፊት ለፊት ነጥቡ ከፍ ብሎ ይወጣል። ከሥራ ደክማችሁ ስትመጡ ሩብ ሰዓት መሥራት ይቻላል። ማጠብ የለ፣ ሽታ የለ፣ አከራይ አይቆጣም።

መጀመሪያ የበሳሁት የእናቴን ቤት ነው። ልደታ ያደግንበት ቤት ለኮንዶሚኒየም ሲባል ፈርሷል። ፎቶ እንኳ በቅጡ የለንም። ሳሎኑን፣ ጓዳውን፣ ከግቢው ጥግ የነበረውን ማድቤት፣ ከጎረቤት ጋር የምንጋራውን የውሃ ቧንቧ በትዝታ አወጣሁት። ዛሪናም በ1997 የኖረችባቸውን ቤቶች ሁሉ ፕላን በመስመር ብቻ ሠርታለች፤ ዘጠኝ ቤት። ከእሷ መውሰዴን አልደብቅም። ከምታከብሩት ሰው መንገድ ተማሩ፣ ቤቱ ግን የራሳችሁ ይሁን። እህቴን በስልክ "ማድቤቱ በር በየት በኩል ነበር?" እያልኩ ስጠይቃት እሷም ማልቀስ፣ ከዚያም መሳቅ ጀመረች። ስለ እማዬ በደንብ ያወራነው ያን ጊዜ ነው። ሐዘን ላይ ላላችሁ፣ ይህን ከወንድም እህቶቻችሁ ጋር አድርጉት። ሠዓሊ መሆን አያስፈልግም፣ የቤታችሁን ፕላን አብራችሁ ሳሉ።

ከዚያ ወደ እንጨት ህትመት ተመለስኩ። ትምህርት ቤት እያለን ግራፊክስ ክፍል የሠራነው ነው፤ የእኛም አገር እንደ ዘሪሁን የትምጌታ ያለ የእንጨት ህትመት ባለሙያ ያፈራ ነው። ኒውዮርክ ማተሚያ ማሽን ለሌላችሁ ትልቅ በረከት አላት። ሮበርት ብላክበርን የሚባል ሃርለም ያደገ ጥቁር አርቲስት በ1947 ያቋቋመው የህትመት ወርክሾፕ ዛሬም ማንሃተን፣ 39ኛ መንገድ ላይ ይሠራል። አርቲስቶች ከፍለው ማሽኑን ይጠቀማሉ፣ ኮርስም አለ። ወርክሾፕ መሄድ ባትችሉም ግን እንጨት በእጅ ይታተማል። ስስ የጃፓን ወረቀት ቀለም በተቀባው እንጨት ላይ አንጥፋችሁ በእንጨት ማንኪያ ጀርባ እሹት። ስትፈለፍሉ የያዛችሁበት እጅ ምንጊዜም ከስለቱ ኋላ ይሁን። ለተከራየ ክፍል በውሃ የሚታጠብ ቀለም ምረጡ። ተርፔንታይን (የዘይት ቀለም ማቅጠኛውን) እምትተኙበት ክፍል ውስጥ አትክፈቱ፤ ሳንባችሁን ይጎዳል፣ በቀላሉም እሳት ይይዛል።

ህትመት ሌላም ጥቅም አለው። ከአንዱ እንጨት ብዙ ቅጂ ይወጣል። ቁጥር ሰጥታችሁ በረከሰ ዋጋ ትሸጣላችሁ፤ ሥራችሁን የሚወድ ነርስ ወይም ሹፌር መግዛት ይችላል። አንዱን ቅጂ ለራሳችሁ አስቀሩ፣ በምንም ተአምር አትሽጡት። ሸራዎቼ በጠፉበት ጊዜ ይህ ቢኖረኝ ብዬ ብዙ ጊዜ አስቤያለሁ።

ሰው ስለማግኘትም ልናገር። ዛሪና በ1980 ከኩባዊቷ አና ሜንዲዬታና ከጃፓናዊቷ ካዙኮ ሚያሞቶ ጋር ሆና፣ ኤ.አይ.አር በሚባለው የሴቶች ጋለሪ ከአሜሪካ ዋናው መድረክ ውጭ የተተዉ ሴት አርቲስቶችን ሥራ አሰባስባ አሳይታለች። ሦስት ስደተኞች ጋባዥ እስኪመጣ አልጠበቁም። እኔም ከአንዲት ባንግላዴሻዊትና ከአንዲት የፔሩ ልጅ ጋር ሆነን የሰፈራችንን ቤተ መጻሕፍት ኃላፊ ጠየቅን። የሰፈር ቤተ መጻሕፍት ግድግዳ ለነዋሪ አርቲስት ብዙ ጊዜ ክፍት ነው፣ ጥያቄ የሚያቀርብ ስለሌለ ብቻ ባዶውን ይቀመጣል። የመጀመሪያውን ሥራዬን እዚህ አገር የገዛችኝ ልጇን ለንባብ ይዛ የመጣች እናት ናት። የዋጋው ትንሽነት ምንም አልመሰለኝም። ገዢዋ ስለ ልደታው ቤት ጠየቀችኝና ለረጅም ጊዜ አወራን።

ከዚያ በኋላ ኒውዮርክ ፋውንዴሽን ፎር ዘ አርትስ በ2007 ለስደተኛ አርቲስቶች የጀመረው የምክር ፕሮግራም እንዳለ ሰማሁ። እዚህ አገር የቆየ አርቲስት መድበው መንገዱን ያሳያችኋል። አመልክቱ። እንግሊዝኛዬ ደካማ ነው ብላችሁ አትቅሩ። ስለ ሥራችሁ የሚጠየቀውን አጭር ጽሑፍ መጀመሪያ በአማርኛ፣ ለእናታችሁ እንደምትነግሩ አድርጋችሁ ጻፉት፣ ከዚያ እንግሊዝኛ የሚችል ሰው ያግዛችሁ። በቀጥታ በእንግሊዝኛ ስንጽፍ ሌሎች የሚሉትን ቃል እንደረድራለን፤ የራሳችን ነገር ይጠፋል።

ሥራችሁን ስለማስቀመጥ ደግሞ ችላ አትበሉ። ወረቀት ተጠቅልሎ ዓመት ከቆየ አልቃና ይላል። አልጋ ሥር የሚገባ ጠፍጣፋ ሳጥን ግዙ፣ በየመሃሉ አሲድ የሌለው ስስ ወረቀት አድርጉ። ፕላስተር ሥራው ላይ አትለጥፉ፣ ቢጫ ሆኖ ይቀራል። ምድር ቤት አታስቀምጡ፣ እርጥበት ይበላዋል። አገር ቤት መላክ ስትፈልጉ ለሚሄድ ሰው ጠፍጣፋ አድርጋችሁ በሁለት ጠንካራ ካርቶን መሃል ስጡት፤ ሻንጣ ሥር ልብስ መሃል ይገባል። ለእህቴ የልደታውን ቤት የላክሁላት እንደዚያ ነው።

ዛሪና በ2020 ለንደን ውስጥ አረፈች። ሥራዎቿን ማየት ለምትፈልጉ፣ በ1999 የሠራቻቸው ሠላሳ ስድስት የእንጨት ህትመቶች ኒውዮርክ፣ ሜትሮፖሊታን ሙዚየም ስብስብ ውስጥ አሉ። ደጃፍ፣ ግቢ፣ ርቀት፣ ድንበር እያለች አንድ በአንድ የሠራቻቸው ናቸው፤ እያንዳንዱ ላይ ፓኪስታን ያለ ቁም ጸሐፊ የጻፈላት የኡርዱ ቃል አለ። የኒውዮርክ ነዋሪ መሆናችሁን የሚያሳይ መታወቂያ ካላችሁ እዚያ የምትከፍሉት የፈለጋችሁትን ነው። ወረቀት በብርሃን ስለሚጎዳ ግን ሁልጊዜ ግድግዳ ላይ አይሰቀሉም። ከመሄዳችሁ በፊት የሙዚየሙ ድረ ገጽ ላይ ስሟን ፈልጉና ለዕይታ ወጥተው እንደሆነ አረጋግጡ። ካልወጡም ፎቶዎቹን እዚያው ማየት ትችላላችሁ።